የመጀመሪያዋ ሲንደሬላ ግብፃዊት ነበረች ብዬ የከፈትኩት ክር

ልጄ ሰባት ዓመቷ ነው። ማታ ማታ ተረት ካልተነገራት አትተኛም። ባለፈው እሁድ የሲንደሬላን ተረት ጨርሼ፣ ተረቴን መልሱ አፌን በዳቦ አብሱ ልል ስል፣ ይህን ተረት መጀመሪያ ያወራው ማን ነው ብላ ጠየቀችኝ። ነገ እነግርሻለሁ አልኳትና መብራቱን አጠፋሁ። ከዚያ ሶፋው ላይ ጋደም ብዬ ስልኬን ከፈትኩ። ሃያ ደቂቃ አነበብኩና ሊቅ ሆንኩ።

አዘውትሬ የምገባበት የመጻሕፍት የውይይት መድረክ አለ። እዚያ አዲስ ክር ከፈትኩ። ርዕሱን የመጀመሪያዋ ሲንደሬላ ግብፃዊት ነበረች አልኩት። ከሥሩ የጻፍኩት ባጭሩ እንዲህ ነው። ሮዶፒስ የምትባል ልጅ በግብፅ ባሪያ ነበረች። ጌታዋ ደግ ነው። ሌሎቹ ገረዶች ግን ይጠሏታል፣ ሥራ ይከምሩባታል። ንጉሡ ግብዣ ሲያደርግ እሷን ትተዋት ሄዱ። ወንዝ ዳር ልብስ ስታጥብ ጭልፊት መጣና አንድ እግር ጫማዋን ነጥቆ ንጉሡ ጭን ላይ ጣለው። ንጉሡም ባለጫማዋን አስፈልጎ አገባት። ይህ ከተጻፈ ሁለት ሺህ ዓመት ሆኖታል፤ ስለዚህ ፈረንጆቹ ተረቱን የወሰዱት ከእኛው አህጉር ነው ብዬ ደመደምኩ። የምታውቁት ካለ ጨምሩ አልኩና ተኛሁ።

ጠዋት ስነሳ ስልኬ በመልስ ተሞልቷል። ቃል በቃል አልገለብጠውም። በየቁጥሩ፣ በራሴ አፍ ላውራችሁ።

1ኛው ምስጋና ነበር። አፍሪካ የሁሉ ነገር መነሻ መሆኗ ገና ይታወቃል የሚል ነው። ደስ አለኝ። ቡናዬን አፈላሁ።

2ኛው ደስታዬን ቀማኝ። ጨዋ ሰው ነው፣ እንኳን ደስ አለህ በሚመስል ለዛ ነው የጀመረው። የጻፍከውን ስትራቦ ላይ አንብበኸዋል ወይ አለኝ። አላነበብኩም። ስትራቦ የግሪክ የጂኦግራፊ ጸሐፊ ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ25 ገደማ ግብፅን ዞሮ አይቷል። የመጽሐፉ 17ኛ ክፍል ላይ ስለ ጊዛ ፒራሚዶች ሲያወራ፣ ሦስተኛውን ትንሹን ፒራሚድ ሲደርስ አንድ ወሬ ጣል አድርጎ ያልፋል። ሮዶፒስ ገላዋን ስትታጠብ ንስር ከደንገጡሯ እጅ አንዱን ነጠላ ጫማ ነጥቆ ወደ ሜምፊስ በረረ። ንጉሡ ሜዳ ላይ ችሎት ተቀምጦ ነበርና ጫማውን ጭኑ ላይ ጣለለት። ንጉሡ የጫማው ቅርጽም የነገሩ እንግዳነትም ገረመው። ሰው ልኮ አገሩን አስፈለገ። ናውክራቲስ ከተማ ተገኘች፣ አገባት። ስትሞት በዚያ ፒራሚድ ተቀበረች። አለቀ።

ከዚያ ሰውየው በጥያቄ ያዘኝ። ደጉ ጌታ የት አለ? ክፉዎቹ ገረዶችስ? ግብዣውስ? የሉም። እንዲያውም ሮዶፒስ ራሷ ደንገጡር አላት። ልብስ አላጠበችም፣ ገላዋን ነው የታጠበችው። እኔ የጻፍኩት በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ለልጆች ተብሎ ተስተካክሎ የታተመውን ነው። ሲንደሬላን የሚያውቅ ሰው የጎደለውን ሞልቶ የጻፈው። ስለዚህ ሮዶፒስ ሲንደሬላን የመሰለችው ከሲንደሬላ ስለተቀዳች ነው አለ። ይህቺን ዓረፍተ ነገር ሦስት ጊዜ አነበብኳት።

3ኛው የእኔ ነው። አመሰገንኩ። ምን እላለሁ።

4ኛዋን የጻፈችው ታሪክ የምታስተምር እህት ናት። ስትራቦም ዘግይቷል አለች። ከእሱ አራት መቶ ዓመት ያህል ቀድሞ የግሪኩ ታሪክ ጸሐፊ ሄሮዶቶስ ስለ ሮዶፒስ ጽፏል፤ እሱ ዘንድ ግን ንስርም ጫማም የለም። የትሬስ ተወላጅ ናት፣ ከግሪክ በስተሰሜን ካለው አገር። በሳሞስ ደሴት ኢያድሞን ለሚባል ሰው ባሪያ ነበረች። ወደ ግብፅ የወሰዷት በገላዋ እንድትነግድላቸው ነው። ካራክሶስ የሚባል ሰው ብዙ ገንዘብ ከፍሎ ነፃ አወጣት። ይህ ካራክሶስ የባለቅኔዋ የሳፎ ወንድም ነው። እህትየውም በግጥም ልክ ልኩን ነገረችው። ሮዶፒስ ነፃ ከወጣች በኋላ እዚያው ግብፅ ቀረች፣ ሀብታም ሆነች። የሀብቷን አንድ አሥረኛ በሬ የሚጠበስበት ረጃጅም የብረት ዘንግ አሠርታ ለዴልፊ ቤተ መቅደስ ስእለት አገባች። ሄሮዶቶስ በዘመኑ ዘንጎቹ ተከምረው ይታዩ ነበር ይላል። ከአንድ አሥረኛው ሀብቷን አስሉት፣ ፒራሚድ አያሠራም ብሎ በወሬው ይስቃል። ልክ ነው፤ ሦስተኛው ፒራሚድ የንጉሥ መንካውሬ ነው፣ ከእሷ ሁለት ሺህ ዓመት ያህል ይቀድማል።

እህታችን መጨረሻ ላይ፣ ለልጅህ ሙያዋን እንዴት ብለህ ልትነግራት ነው ብላ ጠየቀችኝ። አልመለስኩም።

ነገሩ በዚህ መስመር ቢቀጥል ጥሩ ነበር። ነገር ግን በዚያው መልስ ውስጥ ሄሮዶቶስ ሮዶፒስን ኤዞፕ ከሚባለው ተረት ነጋሪ ጋር የአንድ ጌታ ባሪያዎች ናቸው እንደሚል ጠቅሳ ነበር። ኤዞፕ የሚለው ቃል እኛ መድረክ ላይ ከተጣለ ምን እንደሚሆን ታውቃላችሁ።

5ኛው ኤዞፕ ኢትዮጵያዊ ነው አለ። ስሙ ራሱ ይናገራል፣ ስለዚህ ሮዶፒስን ተረት ያስተማራት እሱ ነው፣ ስለዚህ ሲንደሬላ የእኛ ናት። ሦስት እርምጃ ብቻ። 6ኛው አረመ። ኤዞፕን ከኢትዮጵያ ስም ጋር ያያዘው ፕላኑዴስ የሚባል የ13ኛው ክፍለ ዘመን የቁስጥንጥንያ መነኩሴ ነው አለ፤ በመካከላቸው ከአንድ ሺህ ስምንት መቶ ዓመት በላይ አለ። 7ኛው 6ኛውን ፈረንጅ አምላኪ አለው። 8ኛው ሁለታችሁም ጫማችሁን አስተካክሉ ብሎ አለፈ። እኔ እዚያ መድረክ ላይ ስለ ሽሮ አሠራር ክር ከፍቼ ንግሥት ሳባ ጋ ሲደርስ አይቻለሁ፤ አልደነቀኝም።

9ኛው ክሩን ከወደቀበት አነሳው። ቻይና ለትምህርት አራት ዓመት የቆየ ሰው ነው። የእንጀራ እናት ያለችበትን ከፈለግህ ወደ ምሥራቅ ዙር አለኝ። ታንግ በሚባለው ሥርወ መንግሥት ዱዋን ቼንግሺ የሚባል ባለሥልጣን ነበር። የሰማውን እንግዳ ነገር ሁሉ የሚጽፍበት መዝገብ ነበረው። በ850 ገደማ አንድ ተረት ጻፈ። ከማን እንደሰማውም ጽፏል፤ ቤታቸው ያገለግል ከነበረ ሊ ሺዩዋን ከሚባል የደቡብ ሰው ነው፣ ዛሬ ጓንግሺ ከሚባለው አካባቢ። አንድ ሹም የአሽከሩን ስም ሳይደብቅ ተረቱ የእሱ ነው ብሎ መጻፉ ደስ አለኝ።

ልጅቷ ዬ ሺየን ትባላለች። አባቷ የጎሳ አለቃ ነው፣ ሁለት ሚስት ነበረው። እናቷ ሞተች፣ ቆይቶ አባቷም ሞተ። የእንጀራ እናቷ አደገኛ ቦታ እንጨት ታስለቅማታለች፣ ከጥልቅ ጉድጓድ ውኃ ታስቀዳታለች። አንድ ቀን ውኃ ስትቀዳ ትንሽ ዓሣ ያዘች። ክንፉ ቀይ፣ ዓይኑ ወርቅ። ጎድጓዳ ሳህን ውስጥ አሳደገችው። ሲያድግ ሳህን ትለውጥለታለች። ሳህን ሲያልቅባት ጓሮ ያለው ኩሬ ውስጥ ጨመረችው። የምትበላውን ታካፍለዋለች። እሷ ስትመጣ ብቻ ብቅ ብሎ ራሱን ዳር ላይ ያሳርፋል። ለሌላ ሰው አይወጣም።

የእንጀራ እናት ነቃች። ልጄ ደክሞሻል ብላ አዲስ ልብስ ሰጠቻት፣ ሩቅ ምንጭ ላከቻት። የልጅቷን አሮጌ ልብስ ለበሰች፣ ቢላ እጅጌዋ ውስጥ ደበቀች፣ ኩሬው ዳር ሄዳ ጠራችው። ዓሣው ልብሱን አይቶ ወጣ። ረጅም ነበር፣ ከሰው ቁመት ይበልጣል። ሠርታ በላችው፤ ጣዕሙ ከሌላ ዓሣ እጥፍ ነበር ይላል ጽሑፉ። አጥንቱን ፍግ ውስጥ ቀበረችው። ልጅቷ ስታለቅስ ፀጉሩ የተንጨባረረ፣ ሻካራ ልብስ የለበሰ ሰው ከሰማይ ወርዶ አጥንቱ ያለበትን ነገራት። ክፍልሽ ደብቂው፣ የፈለግሽውን ለምኚው አላት።

የበዓል ቀን እናትና ልጅ ሲሄዱ እሷ የጓሮውን ፍሬ እንድትጠብቅ ታዘዘች። ራቅ እስኪሉ ጠብቃ፣ ከሰማያዊ የወፍ ላባ የተሠራ ካባ ደርባ፣ የወርቅ ጫማ አድርጋ ሄደች። እህትየው አየቻትና ያቺ ልጅ እኅቴን አትመስልም ወይ አለች። ዬ ሺየን ደነገጠች፣ ሮጠች፣ አንድ እግር ጫማ ጣለች። እናትየው ቤት ስትደርስ ልጅቷ የጓሮውን ዛፍ አቅፋ ተኝታለች። እዚህ ላይ ቆምኩ። ዛፍ አቅፋ መተኛቷ። ሠረገላና ዱባ ሁሉ ይህን አያህልም።

ጫማው ተሸጦ ተሸጦ የደሴት ንጉሥ እጅ ገባ። እንደ ፀጉር የቀለለ ነው፣ ድንጋይ ላይ ሲረግጡት እንኳ ድምፅ የለውም። አገሩን ሁሉ ቢያስሞክር በጣም ትንሽ እግር ላላትም አንድ ጣት ያህል ያጥራል። በመጨረሻ ዬ ሺየን ተገኘች። የእንጀራ እናትና ልጅዋ በሚበር ድንጋይ ተመትተው ሞቱ። ተረቱ ግን በሠርጉ አያበቃም። ንጉሡ ስግብግብ ሆነ። አንድ ዓመት ሙሉ አጥንቱን ዕንቁ ስጠኝ፣ ይህን ስጠኝ እያለ አስጨነቀው። በሁለተኛው ዓመት አጥንቱ ዝም አለ። ንጉሡ ከብዙ ዕንቁ ጋር ባሕር ዳር ቀበረው። ኋላ ወታደሮቹ ሲያምፁ ቆፍሮ ሊከፍላቸው አሰበ። አንድ ሌሊት ማዕበል መጥቶ ጠረገው።

10ኛው የእግሯ ማነስ የተወደደው ቻይናዎች የሴት ልጅ እግር እንዳያድግ ያስሩ ስለነበር ነው አለ። እርግጠኛ ሆኖ ነው የጻፈው። 11ኛው ቀን እንዲቆጥር መከረው፤ እግር ማሰር የተስፋፋው ከታንግ ዘመን በኋላ ነው፣ ዱዋን ከሞተ በኋላ። ትንሽ እግር ከዚያ በፊትም ይወደድ ነበር ይሆናል፣ ግን አንዱን በአንዱ ማስረዳት ችኮላ ነው አለ። 10ኛው ተመልሶ አልመጣም።

12ኛዋን ሳነብ ስልኩን አስቀመጥኩ። የጻፈችው ሴት የእንጀራ እናት ናት። ባሏ ይዟቸው የመጣውን ሁለት ወንዶች ልጆች ከአራትና ከስድስት ዓመታቸው ጀምራ አሳድጋለች። ትንሹ አንድ ቀን ከትምህርት ቤት መጥቶ፣ ቦርሳውን ሳያወርድ፣ እኔንም ምድጃ አጠገብ ታስተኚኛለሽ ወይ ብሎ ጠየቃት። አስተማሪዋ ሲንደሬላን አንብባላቸው ነበር። ቤታችን ምድጃ እንኳ የለም፣ ስቶቭ ነው ያለን ብላ ጽፋለች። አማርኛችን የእንጀራ እናት ሲል እንጀራ ሰጥታ ያሳደገች ማለቱ ነው፤ ከየት አምጥታችሁ ነው የክፋት ስም ያደረጋችሁት አለች።

ለግማሽ ቀን ማንም አልጻፈም።

13ኛው ያጽናናት መስሎት ሳይሆን አይቀርም ዕውቀት ይዞ መጣ። ጀርመናውያኑ ተረት ሰብሳቢዎች ወንድማማቾቹ ግሪም በ1812 ባሳተሙት የመጀመሪያ እትም የስኖው ዋይት ክፉ እናት የእንጀራ እናት አይደለችም፣ የወለደቻት ናት። በ1819 እትም የእንጀራ እናት አደረጓት። ሃንሰልና ግሬቴልን ጫካ ያስጣለቻቸውም መጀመሪያ እናታቸው ነበረች፤ በ1840 ነው የተለወጠችው። መጽሐፉ ቤተሰብ እየገዛ ሲመጣ እናት ይህን ታደርጋለች ማለት ከበዳቸው። 14ኛዋ ያችው የእንጀራ እናትየዋ ናት። የእናቶችን ጥፋት አንስተው በእኛ ላይ ጣሉት ማለት ነዋ አለች። ሌላ ምንም አላለችም። ይህችን መልስ ከሁሉ በላይ ሰው ወደዳት።

15ኛው ሊያስቃት ፈልጎ የጣሊያኑን አመጣ። ጃምባቲስታ ባሲሌ በኔፕልስ ቋንቋ የጻፈው፣ ከሞተ ከሁለት ዓመት በኋላ በ1634 የታተመ። እዚያ ልጅቷ ዜዞላ ናት፣ የእንጀራ እናቷን ትጠላለች። ሞግዚቷ ምክር ሰጠቻት። ከሣጥን ውስጥ አሮጌ ልብስ አውጪልኝ በያት፣ ጎንበስ ስትል ክዳኑን ልቀቂው። ለቀቀችው። አንገቷ ተሰበረ። ከዚያ አባቷን ለምና ሞግዚቷን አስገባች። ሞግዚቷ ጥቂት ቀን አሞላቀቀቻት፣ ቀጥሎ ደብቃቸው የነበሩ ስድስት ሴት ልጆች አወጣች። ዜዞላ ወጥ ቤት ገባች። ከአመዱ ዳር ያስቀመጣት የራሷ እጅ ነው ማለት ነው። አባትየውም የዋዛ አይደለም። መንገድ ሲሄድ ለሌሎቹ ያዘዙትን ሁሉ ገዛ፣ የእሷን ረሳ። መርከቡ ከወደቡ አልንቀሳቀስ እስኪል ድረስ ትዝ አላለውም። ጫማው ደግሞ መጨረሻ ላይ እንደ ማግኔት ራሱ ዘሎ እግሯ ላይ ገባ።

የመስታወት ጫማውን ያነሳው 16ኛው ነው። ትልቁ ስህተት ይህ ነው አለ፤ ጫማው የሽኮኮ ፀጉር ነበር። በፈረንሳይኛ የዚያ ፀጉር ስምና መስታወት አጠራራቸው አንድ ስለሆነ ሲተረጎም ተበላሸ። ይህን ወሬ እኔም ሰምቼው ነበር፣ ለሰዎችም አውርቻለሁ። 17ኛው ግን አልማረውም። የምናውቃትን ሲንደሬላ የጻፈው ፈረንሳዊው ሻርል ፔሮ በ1697 ሲያሳትመው ርዕሱ ላይ ራሱ መስታወት ብሎ ነው የጻፈው፣ በገዛ ቋንቋው። ምን ተርጓሚ መጣ? የሽኮኮውን ነገር ያስወራው በ19ኛው ክፍለ ዘመን ልብ ወለድ ጸሐፊው ባልዛክ ነው አለ። ዱባውም፣ አይጦቹም፣ ሠረገላ ነጂ የሆነው ትልቁ አይጥም፣ አሽከር የሆኑት እንሽላሊቶችም ከፔሮ መጽሐፍ ናቸው። እኛ ጥንታዊ የምንለው ነገር የሦስት መቶ ምናምን ዓመት ዕድሜ ነው ያለው።

18ኛው አልሙኒየምና መስታወት ሥራ ቤት ያለው ሰው ነው። መጽሐፍ አላነበብኩም ግን መስታወት አውቃለሁ ብሎ ጀመረ። መስታወት ላይ ተረከዝ ቢቆም ደረጃ ላይ ነው የሚሰነጠቀው። ግን አንድ ነገር አለ። ቆዳ ጫማ ሲለበስ ይሰፋል። ገበያ ላይ ሻጩ ሁሌ ትንሽ ያጠብቃል፣ ቆይቶ ይለቃል ይላል። መስታወት አይለቅም። ጠበበ ጠበበ ነው። ሰው ያገኙበት ዘዴ እንደዚያ ከሆነ ሌላ ዕቃ አይሆንም ነበር አለ። ስለ ፔሮ ካነበብኩት ሁሉ ይህ ሰው የጻፈው ገባኝ።

19ኛው 1697 የምትሉት በእኛ ነው በፈረንጅ ብሎ ጠየቀ። በፈረንጅ ነው፣ በእኛ 1689 ገደማ። ይህን የመለሰው 20ኛው ሳይጠየቅ ያን ጊዜ ጎንደር ላይ ቀዳማዊ ኢያሱ ነበሩ ብሎ ጨመረ። ከዚያ ስለ ጎንደር አራት አንቀጽ። ዘለልኩት። እናንተም ዝለሉት።

21ኛዋን የጻፈችው ከቬትናማዊት ጋር የምትሠራ እህት ናት። የሥራ ባልደረባዋ የአገሯን ተረት አወራቻት፤ ታም እና ካም ይባላል። ስማቸው ራሱ ከሩዝ ነው፣ አንዷ የተሰበረ ሩዝ፣ አንዷ የሩዝ ፍሩሽካ። ዓሣ አለ፣ የእንጀራ እናት ገድላ ትበላዋለች፣ አጥንቱ ይቀበራል፣ ጫማ ይጠፋል፣ ንጉሥ ያገኛል። እስከዚህ የዬ ሺየን እህት ናት። ከሠርጉ በኋላ ግን ታም ዛፍ ላይ ወጥታ ሳለ ይቆርጡባትና ትሞታለች። ወፍ ሆና ትመጣለች፣ ይበሏታል። ዛፍ ትሆናለች፣ ይቆርጧታል። በመጨረሻ ከፍሬ ውስጥ ሰው ሆና ወጣች። ካም እንደ አንቺ ማማር እንዴት ይቻላል ብላ ስትጠይቃት የፈላ ውኃ አሳየቻት። ሥጋዋን እንደ ዓሣ በጨው አስቀምጣ ለእናትየው ላከች። እናትየው ከሩዝ ጋር እየበላች አሞገሰች። ማሰሮው ሲያልቅ ከሥር የልጅዋን ራስ ቅል አገኘች።

22ኛው ተቆጣ። ይህ የልጆች ክር ነው፣ ሰው እየበላን ነው የምናነበው አለ። ይቆጣ እንጂ ጥሩ ነገርም ይዞ ነበር። በግሪሞቹ ሲንደሬላ የእንጀራ እህቶቿ ጣታቸውንና ተረከዛቸውን በቢላ እንደቆረጡ አስታወሰን። ርግቦች ዓይናቸውን ያወጡት ግን በ1812 እትም የለም፣ በ1819 ነው የተጨመረው። ተረት እየታተመ ሲሄድ ይለዝባል ለምትሉ፣ የእናት ክፋት ተነስቶ የርግብ ክፋት ገባ አለ። ፔሮ ዘንድ ግን ልጅቷ እህቶቿን ይቅር ብላ ትድራቸዋለች። ዲዝኒ በ1950 ፊልሙን ሲሠራ የተከተለው የፔሮን ነው፤ ልጆቻችን ደም የሌለበትን የሚያውቁት ለዚህ ነው።

23ኛው ቻይናና ቬትናም ጎረቤት ናቸው፣ ጓንግሺ የቬትናም ድንበር ነው፣ ዓሣው ተሻግሮ ነው አለ። እዚህ ላይ ማንም አልተከራከረም። ከዚያ ግን ዘልሎ ሁሉም ከቻይና በነጋዴ ወደ አውሮፓ ሄደ ሲል 2ኛው ሰውዬ ተመለሰ። በዚያ ዘመን የዓረብ ነጋዴዎች ጓንግዡ ወደብ ይገቡ እንደነበር እውነት ነው፣ መንገድ አለ ማለት ግን ጭነቱ ምን እንደሆነ አያሳይም አለ። ማሪያን ሮልፍ ኮክስ የምትባል እንግሊዛዊት በ1893 ይህን ተረት በየአገሩ ስትሰበስብ 345 አግኝታለች፤ የመጀመሪያው ይህ ነው ብላ ግን አልፈረደችም። እሷ ያልፈረደችውን አንተ በአንድ ሌሊት ፈረድክ አለኝ። ለእኔ ነው የጻፈው፣ ለ23ኛው አይደለም። ጨዋነቱ ትንሽ ቀንሷል። ይገባኛል።

25ኛው ላይ ነገሩ ለዘበ። ጣሊያኑም ፈረንሳዩም ጀርመኑም ልጅቷን የጠሯት ከአመድ ነው፣ በአማርኛ ማን እንበላት ብሎ አንድ ሰው ጠየቀ። አመዲት ያለ አለ። የእንጀራ እናትየዋ እህታችን ተመልሳ መጣች። አመድ አፋሽ በሏት አለች። ደግ ሠርቶ ምስጋና ያጣ ሰው እጁ አመድ አፋሽ ነው እንላለን፤ ቃሉ ተዘጋጅቶ ተቀምጧል፣ ባለቤት ነው ያጣው። ከዚያ ከሥሩ፣ ትንሹ ልጅ አሁን ዩኒቨርሲቲ እንደገባ ጻፈች።

27ኛው የእኔ ነው። ለልጄ ዬ ሺየንን እንዳወራኋት ነገርኳቸው። ተረት ተረት ስል የላም በረት አለችኝ፣ ጸጥ ብላ ሰማች። ስለ ጫማው ምንም አልጠየቀችም። ዓሣው የመጣው ልብሱን አይቶ ነው ወይስ ድምፅ ሰምቶ አለች። ልብሱን አልኳት። ታዲያ ሽታ የለውም ወይ አለች። አላውቅም አልኳት፤ ያን ቀን ስልኬን አልከፈትኩም።

በዚያው የክሩን ርዕስ ላስተካክል ሞከርኩ። መድረኩ ከ24 ሰዓት በኋላ ርዕስ መቀየር አይፈቅድም። ስለዚህ የመጀመሪያዋ ሲንደሬላ ግብፃዊት ነበረች የሚለው አሁንም ከላይ በትልቁ ተጽፎ አለ። ትናንት ማታ 28ኛው መልስ ገባ። አዲስ ሰው ነው። በትሕትና፣ ይቅርታ ወንድሜ ብሎ ጀምሮ፣ ስትራቦ ላይ እኮ የእንጀራ እናት የለችም ይላል። መልስ 2ን አላየውም። ቀጥሎ የገባው 29ኛ ደግሞ፣ አዎ ግን ኤዞፕ ኢትዮጵያዊ ነበር ብሏል።